ጊዜን በብዕር የሚያዘዋውሩ ሊቅ ታሪክ ስጽፍ ያለፍኩበት

ጊዜን ወደ ኋላ የሚመልስ ወይም የሚያቆም ሰው ታሪክ መጻፍ ጀምራችሁ መሃል መንገድ ላይ የቀራችሁ ካላችሁ፣ ይህን የምጽፈው ለእናንተ ነው። እኔ ጅማ የምኖር የአማርኛ መምህርት ነኝ። በእውን ያልኖሩ፣ ከልቤ ያፈለቅኳቸው ሼህ ሙዘይን የሚባሉ ሊቅ አሉ። በዳግማዊ አባ ጅፋር ዘመን ጅሬን ላይ ኪታብ እየገለበጡ የሚኖሩ፣ በመቃ ብዕራቸው ቀናትን ከቦታቸው የሚያነሡ ሰው ናቸው። የእሳቸውን ሕይወት ከልጅነት እስከ ሞት በልብ ወለድ ጽፌ ጨርሻለሁ። እስክጨርስ ግን ዓመታት አለቁ፤ ዓይኔ ደከመ፤ አንድ ክረምት ሙሉ ረቂቁን ሣጥን ውስጥ ቆልፌ ሁለተኛ እንዳልነካው ምዬ ነበር። ከዚያ ድካም ብዙው ቀድሞ የሚነግረኝ ሰው ባገኝ በአንድ ምሽት ጨዋታ የሚቀል ነበር።

ነገሩ የተጀመረው አባቴ ካረፈ በኋላ ነው። አባቴ የመዝገብ ቤት ጸሐፊ ነበር። ልጅ ሳለሁ ቢሮው እየሄድኩ ጥግ ላይ ተቀምጬ ሲሠራ አየው ነበር። የተወለዱበትን ዓመት የማያውቁ ሽማግሌዎች ይመጣሉ። «ጣሊያን በገባ ዓመት ነው የተወለድኩት» ይላሉ፤ አባቴ 1928 ብሎ ይጽፋል። «ከዚያ በፊት በነበረው ክረምት» ካሉት ደግሞ 1927 ይላል። ሽማግሌው ማኅተም የተመታበትን ወረቀት ይዘው ሲወጡ፣ ሲገቡ ያልነበራቸው ዕድሜ ይኖራቸዋል። ብዕር የሰውን ዘመን እንዲህ ሲቆርጥ ማየት ከልጅነቴ ጀምሮ አእምሮዬ ውስጥ ተቀምጦ ነበር።

የአርባው ተዝካር ካለፈ በኋላ ተማሪዎቼን ይዤ ጅሬን ኮረብታ ላይ ወዳለው የአባ ጅፋር ቤተ መንግሥት ወጣሁ። ልጆቹ ሰገነቱ ላይ ሲሯሯጡ እኔ አጠገቡ ያለውን መስጊድ እያየሁ፣ በዚህ ግቢ ስንት ነገር ተጽፎ ይሆን ብዬ አሰብኩ። ዳግማዊ አባ ጅፋር በአውሮፓውያን አቆጣጠር ከ1878 እስከ 1932 ገዝተዋል፤ በዘመናቸው ጅማ የእስልምና ትምህርት ፈላጊ ከሩቅ የሚመጣባት አገር ነበረች። ከግቢው ጥግ ተቀምጠው የሚጽፉ አንድ ሰው ታዩኝ። አባቴ ለሽማግሌዎቹ ያደርግ የነበረውን እሳቸው ለቀናት ያደርጋሉ። ስማቸውን እዚያው አወጣሁ።

በመጀመሪያው ረቂቅ ሼህ ሙዘይን የጻፉት ሁሉ ይሆናል። የሞተ ይነሣል፤ የተቃጠለ ጎተራ ሞልቶ ይገኛል፤ መንገድ ላይ የቀረ ነጋዴ ትናንት ደርሶ፣ ቡናውን ሸጦ ያድራል። ፋጡማ የምትባል ልጃቸው በወባ ትሞታለች፤ ሼሁ ያን ቀን ፍቀው እንደገና ይጽፋሉ፣ ትድናለች። በሚቀጥለው ምዕራፍ ጊቤን ስትሻገር ውሃ ይወስዳታል፤ ያንንም ይፍቃሉ። ከዚህ በኋላ ታሪኩ መተንፈስ አቆመ። ሁሉ ነገር የሚመለስ ከሆነ አንባቢ የሚፈራው የለም፤ የሚናፍቀውም የለም። ገደብ የሌለው ኃይል ጨው እንደሌለው ወጥ ነው፤ ሁለት ጉርሻ ይወርዳል፣ ሦስተኛው ጉሮሮ ላይ ይቆማል።

እዚህ ላይ የሚያታልል ነገር አለ። ጥፋቱ ዓረፍተ ነገሩ ላይ ያለ ይመስላል። ቃል ሲለውጡ፣ አንቀጽ ሲያገላብጡ ሌሊቱ ይነጋል። ሌሊት እየጻፍኩ ጠዋት ተማሪዎች ፊት ስቆም የማስተምረው ግጥም ይጠፋኝ ጀመር። ኮምፒውተሬ ውስጥ «የመጨረሻ»፣ «የመጨረሻው መጨረሻ»፣ «እውነተኛው መጨረሻ» የሚሉ ፋይሎች ተደረደሩ፤ በእያንዳንዱ ውስጥ ፋጡማ በሌላ መንገድ ሞታ በሌላ መንገድ ትነሣለች። ስለዚህ የምነግራችሁ የመጀመሪያው ነገር ይህ ነው፤ ሁለተኛውን ምዕራፍ ከመጀመራችሁ በፊት ባለ ታሪካችሁ ማድረግ የማይችለውን ነገር በወረቀት ጽፋችሁ ግድግዳ ላይ ለጥፉ። የማይችልበት ምክንያት ደግሞ ከሰማይ የወረደ ትእዛዝ አይሁን። ከሚጽፍበት ነገር፣ ከቀለሙ፣ ከወረቀቱ፣ ከእጁ ይምጣ። ይህን እኔ የተረዳሁት በራሴ አይደለም፤ አንድ ሽማግሌ ናቸው ያስረዱኝ።

የሥራ ባልደረባዬ የሒሳብ መምህር ነው። አያቱ በልጅነታቸው ቁርዓን ቤት ተምረዋል፤ አሁን ከጅማ ወጣ ብሎ ባለ መንደር ይኖራሉ። ወሰደኝ። ቡና ተፈላ፤ የቤቱ ሰው ተሰበሰበ፤ ስለ ዝናቡና ስለ ቡናው ዋጋ ተወራ። ለረጅም ጊዜ ስለ መጽሐፌ አላነሣሁም። በመጨረሻ ጽሕፈት እንዴት እንደተማሩ ጠየቅኳቸው። «ትምህርታችንን በጥላሸት ቀለም እንጨት ላይ እንጽፍ ነበር» አሉ። «ለውሕ እንለዋለን። በቃላችን ስንይዘው አጥበን አዲስ እንጽፍበታለን።»

«ያጠባችሁበትን ውሃስ ምን ታደርጉት ነበር፣ አባባ?» አልኳቸው።

ቀና ብለው አዩኝ። «የቁርዓን ቃል እኮ ነው፣ ልጄ። ሰው የሚረግጠው ቦታ አይደፋም። እንጠጣዋለን፤ ካልሆነም እግር የማይደርስበት እናፈሰዋለን።»

በዚያች ምሽት ቤቴ ገብቼ የነበረኝን ረቂቅ ሁሉ ወደ ጎን አደረግኩት። ለካ የታጠበ ጽሑፍ የሚሄድበት ቦታ አለው። ሼህ ሙዘይን አንድን ቀን ሲያጥቡ ያን ውሃ መጠጣት አለባቸው። ቀኑ ከሌላው ሰው ሁሉ ትዝታ ይወጣል፤ እሳቸው ውስጥ ግን ይቀመጣል። ዕድሜያቸው በገፋ ቁጥር ሌላ ማንም ያልኖራቸው ቀናት ተሸክመው የሚሄዱ ሰው ይሆናሉ።

ይህ አንድ ደንብ መጽሐፉን በሙሉ አስነሣው። ለምሳሌ በአንድ ሐሙስ ሂርማታ ገበያ ላይ ሼሁ አንድ ማር ነጋዴ ያገኛሉ። ከዓመት በፊት ሚስቱ ሞታበት እግራቸው ላይ ወድቆ ለምኗቸው ነበር፤ ቀኑን አጥበውለታል። ሰውየው ምንም አያስታውስም። ሚስቱ አጠገቡ ቆማ ቅቤ ታገላብጣለች። ሼሁ ግን ለቀብሯ የተሰበሰበውን ሰው፣ የተከፈነችበትን ጨርቅ፣ ባሏ ያለቀሰውን ለቅሶ ያስታውሳሉ። ሴትየዋ «ሼህ፣ ምነው ዛሬ ዓይንዎ እንባ ሞላ?» ትላቸዋለች። ማሩን ገዝተው፣ መርቀዋት ይሄዳሉ። በመጀመሪያው ረቂቅ ሙታን በየገጹ ሲነሡ አንድም አንባቢ አላለቀሰም፤ በዚህ ገጽ ላይ ግን ባልደረባዬ አንብቦ ዝም ብሎ ተቀመጠ።

ከዚያ ወዲህ የጸሐፊዎችን ሙያ በጥሞና መመልከት ጀመርኩ። በዐረብኛ የተጻፉ የቆዩ የእጅ ጽሑፎችን የማየት ዕድል ካገኛችሁ የገጹን ግርጌ ተመልከቱ። ብዙ ጊዜ ለብቻዋ የተጻፈች አንዲት ቃል ታገኛላችሁ። የሚቀጥለው ገጽ የሚጀምርባት ቃል ናት። ቅጠሎቹ ቢበተኑ ቅደም ተከተላቸው እንዳይጠፋ ገልባጩ ቀድሞ ያስቀምጣታል። ሼህ ሙዘይን የነገውን ቀን የሚጠሩት በዚህች ቃል ነው። አንዲት ቃል ብቻ ይፈቀድላቸዋል፤ የቀረው ገጽ የእሳቸው አይደለም። በድርቅ ዓመት ከግርጌው «ዝናብ» ብለው ይጽፋሉ። ዝናቡ ይመጣል፤ ከዝናቡ ጋር በረዶ ይመጣና የልጃቸውን ባል በቆሎ ያወድማል። የሌላ ሙያ ሰው የምትጽፉ ከሆናችሁም፣ ሸማኔ ይሁን አናጢ፣ ከሥራው ውስጥ እንዲህ ያለች አንዲት እውነተኛ ልማድ ፈልጉ። ከራስ የሚፈለሰፍ ተአምር ቶሎ ይደርቃል፤ ሰዎች በእጃቸው ሲሠሩት የኖሩት ነገር ግን ቀድቶ አያልቅም።

አሁን ብዙ ያደከመኝ ጉዳይ ላይ ደርሻለሁ፤ የዘመን አቆጣጠሩ። ጊዜን የሚያዘዋውር ሰው ታሪክ ስትጽፉ ጊዜው ራሱ በትክክል ካልተቀመጠ አንባቢ የቱ የሼሁ ሥራ፣ የቱ የደራሲው መሳት እንደሆነ መለየት አይችልም። ጅማን የመሰለ ቦታ ላይ ደግሞ አንድ ጊዜ የሚባል ነገር የለም። ሼሁ በሒጅራ፣ በእስልምናው የጨረቃ አቆጣጠር፣ ይቆጥራሉ። ከአዲስ አበባ የሚመጣው ደብዳቤ በዓመተ ምሕረት ነው። የውጭ ነጋዴዎች በአውሮፓውያን ዓመት ይጽፋሉ። የፋሺስት ጣሊያን ሹማምንት ሲመጡ ደግሞ ከሙሶሊኒ ሥልጣን መያዝ የሚጀምር የራሳቸውን ዓመት ይዘው መጡ፤ በእኛ 1928 ሚያዝያ ላይ አዲስ አበባ ሲገቡ በእነሱ «የፋሺስት ዘመን» አሥራ አራተኛው ዓመት ነበር። ይህን ሳውቅ ደነገጥኩ። ጊዜን በጽሑፍ መለወጥ ሼህ ሙዘይን ብቻቸውን የሚያደርጉት ነገር አልነበረም፤ የገዛ ሁሉ ይሞክረዋል። መጽሐፉን በሦስት ክፍል የከፈልኩት ከዚህ በኋላ ነው። በመጀመሪያው ክፍል የሼሁ ቀለም ሙሉ ኃይል አለው። የጅማ ራስ ገዝ አስተዳደር በአውሮፓውያን 1932 ካበቃ በኋላ፣ በዓመተ ምሕረት የተጻፉ ወረቀቶች ሲበዙ፣ ቀለማቸው በነዚያ ወረቀቶች ላይ መያዝ እየተሳነው ይሄዳል። በሦስተኛው ክፍል በጽሕፈት መኪና የተመቱ የጣሊያን ወረቀቶች ይመጣሉ፤ ብዕራቸው እነሱን ጨርሶ አይነካቸውም።

ከላይ ያለችውን 1932 ልብ በሉ። የአውሮፓውያን ዓመት ብቻውን ተጽፎ ስታገኙ ስምንት ወይም ሰባት ቀንሳችሁ አትለፉት። እስከ ጳጉሜን ማብቂያ ድረስ ያለው 1924 ነው፤ ከመስከረም 1 ጀምሮ ያለው 1925 ነው። ወሩ ካልታወቀ በታሪካችሁ ውስጥም ወሩን አትጥቀሱ፤ «በዚያ ዓመት» ብላችሁ እለፉት። ደግሞም በዚያው በአውሮፓውያን 1932 ረመዳን ሁለት ጊዜ ገብቷል፤ አንዴ በዓመቱ መጀመሪያ፣ በእኛ ጥር 1924 መባቻ አካባቢ፤ አንዴ በዓመቱ መጨረሻ፣ በእኛ በታኅሣሥ 1925 ሦስተኛው ሳምንት ማብቂያ አካባቢ። «በ1932 ረመዳን» ብሎ የጻፈ ደራሲ የትኛውን እንደሆነ ራሱ ማወቅ አለበት።

ቀኑ ራሱ የሚጀምርበትም ሰዓት ይለያያል። ለሼሁ ቀን የሚገባው ፀሐይ ስትጠልቅ ነው፤ የእኛ ሐሙስ ማታ ለእሳቸው የጁምዓ ሌሊት ነው። እኛ ሰዓታችንን ከንጋት እንቆጥራለን። አውሮፓዊው ከእኩለ ሌሊት ይጀምራል። በአንድ ምዕራፍ ሼሁ «ሐሙስን» ያጥባሉ፤ የገበያው ሰዎች ግን የሐሙስ ማታውን ያስታውሳሉ፣ ምክንያቱም በሼሁ አቆጣጠር ያ ማታ የዓርብ ነው። ከዚህች ክፍተት አንድ የሠርግ ምሽት አመለጠ፤ ሙሽራው ቀኑን ሳያስታውስ ሠርጉን ብቻ ያስታውሳል። እንዲህ ያለውን ነገር የትኛውም ምናብ ከባዶ አያመጣውም።

ከሁሉ በላይ የደስታ ቀን የሆነልኝ ግን የአሥራ አንዱ ነገር ነው። ከእማዬ ጋር ቤተ ክርስቲያን ስሄድ የማውቃቸው አንድ መሪጌታ አሉ። የቤተ ክርስቲያንን የዘመን ስሌት፣ ባሕረ ሐሳብን፣ እንዲያሳዩኝ ለመንኳቸው። «ልጄ፣ ለምን ፈለግሽው?» አሉኝ፤ ለመጽሐፍ ነው ስላቸው ሳቁና ወረቀት አምጪ አሉ። ከዓለም ፍጥረት እስከ ክርስቶስ ልደት የሚቆጠረው 5500 ከ1924 ጋር ሲደመር 7424 ዓመተ ዓለም ይሆናል። ለ19 ሲካፈል 14 ይተርፋል፤ አንድ ሲቀነስ ወንበር የሚባለው ቁጥር 13 ነው። ወንበሩን በ11 ሲያበዙት 143፤ ሠላሳ ሠላሳውን ሲገድፉ 23 ቀረ። የ1924 አበቅቴ የሚባለው የጨረቃ ትርፍ ቁጥር ይህ ነው። በሚቀጥለው ዓመት 11 ይጨመርበትና 34 ይሆናል፤ 30 ሲገደፍ የ1925 አበቅቴ 4 ነው። «አሥራ አንዷ ከየት መጣች፣ የኔታ?» ስላቸው፣ «የፀሐይ ዓመት ከጨረቃ ዓመት የሚበልጥባት ናት» አሉኝ። የሒጅራው ዓመት 354 ወይም 355 ቀን ነው። ረመዳን በየዓመቱ ወደ ኋላ የሚሸሽባቸው አሥራ አንድ ቀናት እነዚሁ ናቸው። ሼህ ሙዘይንና መሪጌታው ሳይተዋወቁ አንድ ክፍተት ሲጠብቁ ኖረዋል!

በዚህ የሼሁ ኃይል ልክ አገኘ። በዓመት ማዘዋወር የሚችሉት አሥራ አንድ ቀን ብቻ ነው፤ በሁለቱ ዓመታት መካከል ማንም ያልቆጠራቸው እነዚያን። ካልተጠቀሙባቸው ይጠራቀማሉ፤ በሠላሳ ሦስት ዓመት ወደ አንድ ዓመት ይጠጋሉ። ከሰጡ ያልቃሉ። ከዚህ በኋላ እያንዳንዱ ምዕራፍ ላይ አንባቢ ስንት ቀን እንደቀራቸው እየቆጠረ ይከተላቸዋል። በመጽሐፉ ውስጥም አንድ መሪጌታ አስገባሁ፤ ሁለቱ ሽማግሌዎች አዌቱ ወንዝ ዳር ተቀምጠው ስለዚያች ክፍተት ሲነጋገሩ የሚውሉበት ምዕራፍ ከሁሉም የምወደው ነው።

የዘመን ሠንጠረዥ ሥሩ። ትልቅ ወረቀት ግድግዳ ላይ አድርጋችሁ ዓመተ ምሕረቱን፣ ሒጅራውን፣ የአውሮፓውያኑን ጎን ለጎን አስፍሩ። ከጎናቸው የዝናቡንና የአዝመራውን ወቅት ጻፉ፤ ቡና የሚለቀምበት፣ በቆሎ የሚሸትበት፣ ወንዝ የሚሞላበት። መስከረም 1 በምን ቀን እንደዋለ ለማወቅ መሪጌታው ያሳዩኝ ቀላል ነው፤ ዓመተ ዓለሙን ለአራት አካፍላችሁ፣ ቀሪውን ትታችሁ፣ ድርሻውን ከዓመተ ዓለሙ ጋር ደምሩና ለሰባት ግደፉ። አንድ ቢተርፍ ማክሰኞ ነው፣ ሁለት ቢተርፍ ረቡዕ፣ እንዲህ እያለ ይሄዳል፤ ምንም ካልተረፈ ሰኞ። 7425 ከ1856 ጋር ሲደመር 9281፤ ለሰባት ሲገደፍ ስድስት ይተርፋል፤ ስለዚህ 1925 የገባው እሑድ ነው፣ የመጀመሪያው የሐሙስ ገበያም መስከረም 5 ላይ ውሏል። ገበያ፣ ጁምዓና ሰንበት ባሉበት ታሪክ ይህ ከብዙ ጣጣ ያድናል።

ስለ ሽማግሌዎች አንድ ነገር ልጨምር። የራሳችሁ ያልሆነን ሃይማኖት ወይም ትምህርት ሰው ስትጽፉ መቅጃ ይዛችሁ፣ ጥያቄ ደርድራችሁ አትሂዱ። የሚያውቃቸው ሰው ይውሰዳችሁ። በመጀመሪያው ቀን ቡና ጠጡ፣ ጤና ጠይቁ፣ ተመለሱ። የጻፋችሁትን ደግሞ መልሳችሁ አንብቡላቸው። የባልደረባዬ አያት ስለ ሼህ ሙዘይን ሳነብላቸው አንድ ቦታ ላይ አስቆሙኝ፤ ሼሁ ጊዜን የሚያዘዋውሩት ከቁርዓን አንቀጽ ጽፈው እንዳይሆን ነገሩኝ። «የአላህን ቃል ለአስማት አታድርጊው፣ ልጄ። ሰውየው የራሱን የቀን ማስታወሻ ይጻፍ» አሉ። ወዲያውኑ ቀየርኩት። ለእሳቸው ክብር ብዬ ያደረግኩት ለታሪኩም በጀው፤ ሼሁ የሚጽፉት ተራ የዕለት ውሎ ሲሆን፣ ማን እንደመጣ፣ ምን እንደተበላ፣ ኃይሉ የበለጠ የሚያስፈራ ሆነ። የሚያጥቡትን ቀን የሚጠጡትም ቅዱስ ቃል ስለሆነ አይደለም፤ ከለውሕ ትምህርታቸው ጊዜ የተማሩት አክብሮት ለሰው ቀንም ይገባል ብለው ስለሚያምኑ ነው።

ረቂቃችሁን በአንድ ቦታ ብቻ አታስቀምጡ። የጅማ ክረምት፣ የመብራት መጥፋትና መምጣት ኮምፒውተሬን አንድ ቀን አቃጥሎት ሁለተኛው ክፍል በሙሉ ሄደ። የተረፈው እማዬ ዘንድ አትሜ ያስቀመጥኩት ብቻ ነበር። በየወሩ አትማችሁ ዘመድ ቤት አስቀምጡ፤ በየገጹ ራስጌ ላይም ቀኑን ጻፉ።

የፋጡማ ነገር ግን ገና አላለቀም ነበር። ደንቡ ሁሉ ተሠርቶ፣ ሠንጠረዡ ተሞልቶ፣ የሞቷ ምዕራፍ ላይ ስደርስ እጄ እንቢ ይላል። በታሪኩ መሠረት ሼሁ አሥራ አንዱን ቀን ለሌሎች ሰጥተው ጨርሰዋል፤ ልጃቸው ስትታመም የቀራቸው የለም። ይህን አውቃለሁ። ግን በየጊዜው አንድ የተረሳ ቀን አገኝላቸው ነበር፤ ከጳጉሜን፣ ከሆነ ስሌት። ረቂቁን ሣጥን ውስጥ የቆለፍኩበት ክረምት ይህ ነው። እማዬ አንድ ቀን ሽንኩርት እየከተፈች፣ «አንቺ ልጅ፣ ፋጡማን አላስቀብርም ያልሽው አባትሽን አላስቀብርም ብለሽ ነው» አለችኝ። የመጽሐፉን አንድ ገጽ አላነበበችም፤ ስተርክላት ሰምታ ነው።

በዚያ ሰሞን ሌላ ደብተር ገዛሁ። በእሱ ላይ ለአባቴ ብቻ ጻፍኩ፤ ያልነገርኩትን፣ ሆስፒታል ሳለ ልጠይቀው ፈልጌ የተውኩትን፣ የተናደድኩበትን። ሼህ ሙዘይን እዚያ ውስጥ አይገቡም። ሐዘን ላይ ሆናችሁ ጊዜን የሚመልስ ሰው የምትጽፉ ከሆናችሁ ይህን አጥብቄ እለምናችኋለሁ፤ ሁለት ደብተር ይኑራችሁ። የራሳችሁን ሙት በባለ ታሪካችሁ ጫንቃ ላይ ካስቀመጣችሁት እሱም መራመድ ያቅተዋል፣ እናንተም አትድኑም። የሞቱን ምዕራፍ ሌሊት ብቻችሁን አትጻፉት። እኔ ቅዳሜ ጠዋት እማዬ ቡና ስታፈላ እዚያው ሳሎን ተቀምጬ ጻፍኩት። ፋጡማ ታማ፣ ሼሁ ለውሑን አንሥተው፣ ባዶ መሆኑን አይተው መልሰው ያስቀምጡታል። ከዚያ የልጃቸውን ስምና ያረፈችበትን ቀን በሒጅራም በዓመተ ምሕረትም ይጽፋሉ፤ ሊያጥቡት በማይችሉት ወረቀት ላይ። ጽፌ ስጨርስ ብዙ አለቀስኩ፤ እማዬም አብራኝ አለቀሰች፤ ከዚያ ምሳ በላን።

ሲያልቅ ለሦስት ዓይነት ሰው አስነብቡ፤ ልብ ወለድ ለሚወድ፣ ዘመኑን ለሚያውቅ፣ ሃይማኖቱን ለሚኖር። ከአንባቢዎቼ አንዱ አረጋዊ በ1350 ሒጅራ ረመዳን ላይ ጎርፍ ያስገባሁበትን ምዕራፍ አንብበው፣ «በዚያ ዓመት ረመዳን በበጋ ነው፤ ይህ ዝናብ ከየት መጣ?» አሉኝ። ሠንጠረዡን ሳየው ረመዳኑ የገባው ጥር ላይ ነው፤ የቡና ለቀማው ገና ያላለቀበት ጊዜ። ጎርፉን አውጥቼ፣ ሰዎቹ እየጾሙ ቡና ሲለቅሙ አደረግኩ፤ አሁን አንባቢዎች ከሚያነሡልኝ ምዕራፎች አንዱ ሆኗል።

የማሳተሙን ጉዳይ ባጭሩ ልንገራችሁ። ውል ሳይጻፍ ሙሉ ክፍያ ለሚጠይቅ አትስጡ፤ እኔን የጠየቀኝ ነበር፣ አመስግኜ ተመለስኩ። የመጨረሻው የሙከራ ኅትመት ሲመጣ ደግሞ ዓመተ ሒጅራዎቹን ለይታችሁ ተመልከቱ። የእኔን የተየበው ልጅ ጎበዝ ነበር፣ ግን 1350 የሚለውን የትየባ ስሕተት መስሎት 1950 አድርጎታል። ከእያንዳንዱ የሒጅራ ዓመት ቀጥሎ «ሒጅራ» የሚለውን ቃል ሳትሰለቹ ጻፉ፤ ከዚያም ዓመቶቹንና ወሮቹን ብቻ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ገጽ ጮክ ብሎ የሚያነብላችሁ ሰው ፈልጋችሁ እናንተ ሠንጠረዡን ይዛችሁ ተከተሉ። ለእኔ ያነበበችልኝ እማዬ ናት፤ ማተሚያ ቤት ከመግባቱ በፊት ሌላ የተገለበጠ ዓመት ያገኘችውም እሷ ናት።